ስም ያልወጣላት የጮቄ አበባ

ሞጣ የገባሁት በሐምሌ ዝናብ፣ በጭነት መኪና ላይ ከጆንያ ጋር ተጭኜ ነው። ከቢቸና ስንነሳ ፀሐይ ነበር። ደብረ ወርቅን አልፈን ጥቂት እንደሄድን ዝናቡ ያዘንና ሸራው ሥር ተኮራምቼ ቀረሁ። ሁለት ዓመት እርሻ ትምህርት ቤት ተምሬ፣ ዲፕሎማዬን በላስቲክ ጠቅልዬ፣ የመጀመሪያ ሥራዬን ልጀምር መሄዴ ነበር። ሾፌሩ ከተማው መግቢያ ላይ አወረደኝና ሥራዬን ጠየቀኝ። ችግኝ ጣቢያ መመደቤን ነገርኩት። «በዚህ ዝናብማ ዱላም ቢተከል ይበቅላል» ብሎኝ ሄደ።

ችግኝ ጣቢያው ከከተማው ወረድ ብሎ ወንዝ ዳር ነበር። በሣር ጥላ የተሸፈኑ መደቦች፣ አንድ የቆርቆሮ ቤት፣ አንድ ጠረጴዛ። አፈርና ፍግ እየቀላቀሉ በላስቲክ ከረጢት የሚሞሉ ሃያ የሚሆኑ ሴቶች ነበሩ። በመጀመሪያው ቀን ነጭ ሸራ ጫማዬን አይተው ሲስቁብኝ ዋሉ፤ በሦስተኛው ቀን ጫማው ነጭ ስላልነበረ ሳቁም ቀረ። የምናፈላው ባሕር ዛፍና የፈረንጅ ጥድ ነበር። በደርግ ጊዜ ተራራ የሚለካው በጉድጓድ ቁጥር ነው፤ የትኛው ገበሬ ማኅበር ስንት ጉድጓድ ቆፈረ፣ ስንት ችግኝ ወሰደ። እኔም ያንን እያጻፍኩ፣ እያስቆጠርኩ፣ ማታ ማታ በኩራዝ ቢቸና ላሉት ቤተሰቦቼ ደብዳቤ እየጻፍኩ ኖርኩ። ያ ሥራ እንደዚያ ደስ ይለኝ እንደነበር ያወቅሁት ከለቀቅሁት በኋላ ነው። እርጥብ አፈር በሸተተኝ ቁጥር ዛሬም መጀመሪያ ትዝ የሚለኝ የዚያ የቆርቆሮ ቤት ደጃፍ ነው።

በወር አንድ ጊዜ ከጮቄ ተራራ ግርጌ አንድ ደን ጠባቂ ይወርዱ ነበር። ሃምሳ ዓመት ያለፋቸው፣ አጭር፣ ክረምት ከበጋ ከትከሻቸው የበግ ጸጉር ባና የማይለያቸው ሰው ናቸው። ሪፖርታቸውን የሚያቀርቡት ቆመው ነው። የአስታ ዛፍ ሲቆርጡ ያገኟቸውን ሰዎች ቆጥረው፣ ማንን መክረው እንደለቀቁ፣ የማንን መጥረቢያ እንደያዙ ተናግረው ይወጣሉ። ደስ ሲላቸው «ልጄ» ይሉኛል፤ ሲከፋቸው ደግሞ «ጓድ ባለሙያ»። የመጀመሪያውን ዓመት አብዛኛውን ጓድ ባለሙያ ሆኜ ነው ያሳለፍኩት።

በሁለተኛው ዓመት ጥቅምት ላይ ከአዲስ አበባ አንድ የዩኒቨርሲቲ መምህር መጡ። ራሳቸው የሸበተ፣ ንግግራቸው ቀስ ያለ ሰው ነበሩ። ጋዜጣ የተደረደረባቸው ሁለት ጣውላዎች በጠፍር አስረው ይዘዋል። ዕፅዋት እየለቀሙ በጋዜጣው መካከል አድርገው ያደርቃሉ። መሥሪያ ቤቱ እንድሸኛቸው አዘዘኝ፤ እኔም ከዚያ በላይ ያለውን አገር ስለማላውቀው ደን ጠባቂውን ለመንኳቸው።

ገና ሳይነጋጋ ተነስተን ሽቅብ ወጣን። የገብስ ማሳው አለቀ፣ አስታው አለቀ፣ የጓሳ ሣሩ መጣ። ከዚያ በላይ ረጅሙ የጅባራ ተክል በየገመገሙ እንደ ሰው ቆሟል። እኔ የቢቸና ልጅ ነኝ፤ ብርድ ማለት ለኔ የነሐሴ ጠዋት ነበር። እዚያ ግን በቀትር ጣቶቼ አልታዘዝ አሉኝ። ደን ጠባቂው ሳይናገሩ ከባናቸው ሥር የገብስ ቆሎ አውጥተው እጄ ላይ አፈሰሱልኝ።

መምህሩ ብዙ ነገር ለቀሙ። ከቀትር በኋላ ልንመለስ ስንል ግን ደን ጠባቂው፣ «እንግዲህ አበባ ከሆነ የሚፈልጉት፣ አንዲት አለች» አሉና ከአንድ ምንጭ በላይ ወዳለ ድንጋያማ ቦታ ወሰዱን። ቦታው ረግረግ ነው፤ ከድንጋዩ ሥር ውሃ ይሰርጋል። ስንደርስ ጉም ነበር። ከመሬት የተለጠፈ ትንሽ ቅጠልና አንድ ጣት የማትሞላ፣ ጫፏ የተጠቀለለ ዘንግ አየሁ። ይቺን ለማየት ነው የመጣነው ብዬ በሆዴ ተናደድኩ።

ደን ጠባቂው ድንጋይ ላይ ተቀመጡ። «ጉም ሲሆን ትዘጋለች። ቆዩ» አሉ።

ቆየን። ጉሙ ተገፈፈና ፀሐይ መታን። ዘንጎቹ አንድ በአንድ ተፈቱ። ቀለሟ ወይን ጠጅም ሰማያዊም አይባልም፤ ጉሮሮዋ ነጭ ነው፤ ከነጩ ላይ እንደ መርፌ ጫፍ ያሉ ነጠብጣቦች አሏት። መምህሩ በጉልበታቸው ተንበርክከው፣ መነጽራቸውን አውልቀው፣ አጎንብሰው ብዙ ቆዩ። ከዚያ ተነስተው ቦታውን በሙሉ እየዞሩ ቆጠሩ። በሦስት ቦታ ብቻ ነበረች፤ ሁሉም ተደምረው አምሳ አይሞሉም። ከነዚያ ሁሉ አንዲት ዘንግ ብቻ፣ ያውም ሥሩን ሳይነኩ፣ በምላጭ ቆርጠው በጋዜጣቸው መካከል አኖሩ።

ስሟን ጠየቁ። ደን ጠባቂው ስም የላትም አሉ። መምህሩ የአገሬው ሰው የሚጠራት ነገር እንደማይጠፋ አጥብቀው ሲጠይቁ፣ እሳቸው፣ «ስም የሚወጣለት ለሚበላና ለሚታከሙበት ነው። ይቺ ለምንም አትሆን» ብለው መለሱ።

«ታዲያ እርስዎ ለምን ይጠብቋታል?» አሉ መምህሩ።

«ማን ጠበቃት? አያታለሁ እንጂ።»

ስንወርድ መምህሩ ከኔ ጋር ወደ ኋላ ቀሩ። ይቺን አበባ በሌሎች ተራሮች ብዙ ፈልገው እንዳላገኟት፣ ምናልባትም ከዚህ ገመገም በቀር የትም እንደሌለች ነገሩኝ። ከሚመጣው ክረምት በፊት የጉድጓድ ቁፋሮ ወደዚህ እንደሚወጣ ሰምተው ነበር። ያቺን ቦታ ብቻ እንዳስተርፍላቸው ለመኑኝ። ሽማግሌ ሰው ወጣት ሲለምን ያሳፍራል። እኔም ያለምንም ማንገራገር ቃል ገባሁ።

የካቲት ላይ የአውራጃው የዕቅድ ስብሰባ ተጠራ። ኃላፊያችን በግድግዳው ካርታ ላይ በቀይ እርሳስ የተከበቡትን ገመገሞች እየነካ አነበበ። ከምንጩ በላይ ያለው ገመገም ተራው ደረሰ። የምናገረውን በወረቀት ጽፌ ኪሴ ውስጥ ይዤ ነበር። ነገር ግን ከዚያ በፊት በነበረው ስብሰባ አንድ ባልደረባችን ቁጥሩ በዛ ስላለ ብቻ ዕቅድ አደናቃፊ ተብሎ፣ ሁለት ሰዓት ሙሉ በሂስና በግለ ሂስ ሲጠበስ አይቻለሁ። አበባ ብዬ ልነሳ ነው? ኃላፊው አስተያየት ያለው እንዳለ ጠየቀ። ዝም አልኩ። ወደሚቀጥለው ገመገም አለፈ። የድንበር ችካሎቹን ቆጥሬ፣ ፈርሜ የላክኋቸውም እኔው ነኝ።

ለፋሲካ ቢቸና ወረድኩ። አባቴ የቅኔ መምህር ነበሩ፤ በዚያን ጊዜ ዓይናቸው ደክሞ ከቤት አይወጡም። ዲያቆን እንድሆን ተመኝተው ባሕር ዛፍ ተካይ በመሆኔ ብዙም አልተደሰቱም ነበር። በበዓሉ ማግስት ብቻችንን ስንቀር ነገሩን ሁሉ አጫወትኳቸው። አበባዋ ምን እንደምትመስል፣ ጉም ሲመጣ እንደምትዘጋ ሁሉ ጠየቁኝ። በመጨረሻ ስብሰባው ላይ ዝም ማለቴን ስነግራቸው፣ «ዝምታ ወርቅ ነው ይላሉ» አሉ። «ልጄ፣ ወርቅ የሚገኘው ግን ሰሙ ሲቀልጥ ነው። አንተ ሰሙን እንደያዝክ ነው የመጣኸው።» ሌላ ምንም አልጨመሩም፤ ስለ ጎረቤት በግ ማውራት ጀመሩ።

በማግስቱ ልሄድና ኃላፊው ቢሮ ገብቼ ልናገር ወሰንኩ። አውቶቡሱ ግን ደብረ ወርቅ ላይ ተበላሽቶ ሁለት ቀን አቆየን። በሦስተኛው ቀን ችግኝ ጣቢያው ስደርስ ደን ጠባቂው በሩ ላይ ተቀምጠዋል። ከእግራቸው ሥር አንድ ስልቻ አለ። አልተነሱም። ስልቻውን ከፍተው አሳዩኝ፤ በእርጥብ ሣር የተጠቀለለ ጭቃ ነው።

«ጓድ ባለሙያ፣ ዕቅድህ ተፈጽሟል» አሉኝ።

ከዚያ በአጭሩ ነገሩኝ። ቆፋሪዎቹ ከታች የመጡ ሰዎች ናቸው፤ አገሩን አያውቁትም። እሳቸው ይህችን ቦታ ዝለሉ ብለው ለምነዋል። የቆፋሪዎቹ መሪ ግን ችካሉን አሳያቸው፤ ችካል በተተከለበት ሁሉ መቆፈር ነበረበት። በሚያዝያ ደግሞ አበባዋ የለችም፤ ያለችው ቅጠሏ ብቻ ነው፣ እሱም ከአረም አይለይም። ሰዎቹ ሲቆፍሩ እሳቸው ከኋላ ከኋላ እየሄዱ ከተጣለው አፈር ውስጥ ሥሯን ሲለቅሙ ዋሉ። ያገኙት ዘጠኝ ሥር ነው። ያንን በስልቻ አድርገው ግማሽ ቀን በእግራቸው ወርደው፣ ስላልነበርኩ አንድ ሌሊት ከጣቢያው ዘበኛ ጋር አድረው ጠበቁኝ።

አባቴ ያሉትን ልነግራቸው ፈልጌ ነበር፤ ግን አሁን ምን ይረባቸዋል? ስልቻውን ተቀብያቸው ወንዙ ዳር፣ ከሁሉም ይልቅ ጥላ ያለበትን መደብ መርጬ ዘጠኙንም በእጄ ተከልኩ። እሳቸው ከላይ ቆመው አዩኝና፣ «ውሃው ይበርዳል?» ብለው ጠየቁ። እጃቸውን ወንዙ ውስጥ ነክረው ራሳቸውን ነቀነቁ፤ አይበርድም ማለታቸው ነው። ሳይሰናበቱኝ ሄዱ።

ሞጣ ለኔ ብርዳም አገር ነበር። ለሷ ግን ቆላ ሆነባት። ጠዋትና ማታ ውሃ አጠጣኋት፣ የሣር ጥላውን ደረብኩላት፣ ከሩቅ ጓሳ አስመጥቼ ዙሪያዋን አለበስኩላት። ሴቶቹ የቢቸናው ልጅ ሙሽራ ብለው ስም አወጡላትና በየጠዋቱ፣ «ሙሽራህ እንዴት አደረች?» እያሉ ያሾፉብኝ ጀመር። ሙሽራዬ ግን ታማ ነበር። በሳምንቱ ሁለቱ ቢጫ ሆኑ። በወሩ ሦስተኛዋ ደረቀች። ያን ጊዜ ሴቶቹም መሳቃቸውን ተዉ፤ አንዷማ ከቤቷ በጋን ያቀዘቀዘችውን ውሃ በቅል ይዛ ትመጣ ነበር።

ለመምህሩ የሆነውን ሁሉ ሳልደብቅ ጻፍኩላቸው። ቃሌን አለመጠበቄንም ጻፍኩ። መልሳቸው የመጣው ግንቦት መጨረሻ ላይ ነው። አልወቀሱኝም። ደብዳቤው ውስጥ ብዙ ሳይንስ ነበር፤ ዛሬ የማስታውሰው ግን አንድ አረፍተ ነገር ነው፤ «አትንከባከባት፤ ወደ ቤቷ መልሳት።»

ወደ ቤቷ ለመመለስ ግን ቤቷ ጉድጓድ ሆኖ የፈረንጅ ጥድ እየጠበቀ ነው። በማግስቱ ኃላፊው ቢሮ ገባሁ። ቁጣን ጠብቄ ስለነበር ቆሜ በአንድ ትንፋሽ ተናገርኩ፤ አበባዋን፣ መምህሩን፣ የካቲት ላይ ዝም ማለቴን። ኃላፊው እርሳሱን ጠረጴዛው ላይ እያንከባለለ ሰማኝ።

«ለአበባ?» አለኝ በመጨረሻ።

አዎ አልኩት።

ተነሳና በሩን ዘጋ። ሰውየው ሲቆጣ በሩን ክፍት ትቶ ነው፤ ሲዘጋው ምን እንደሚመጣ አላወቅሁም። «ቦታው ላይ ምንጭ አለ አይደል?» አለኝ። አለ አልኩት። ከታች ያሉት ሰዎች የሚጠጡት ከዚያ ምንጭ መሆኑንም ነገርኩት። «እንግዲያው ውሃ ብለህ ጻፍ። አበባ ብለህ ከጻፍክ እኔም አንተም መሳቂያ እንሆናለን። የምንጭ እናት ይከለል ብለህ ጻፍ፣ እፈርማለሁ።»

የተቆፈረውስ ጉድጓድ ምን ሊሆን ነው ብዬ ጠየቅሁት። ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግ ሲል አየሁት። ጉድጓዱ እንደተቆፈረ ሪፖርቱ ሄዷል፤ ቁጥሩ ሞልቷል፤ የተደፈነ ጉድጓድ የሚቆጥር ክፍል ደግሞ መንግሥት ገና አላቋቋመም አለኝ። እኔም ስቄ ወጣሁ። ያን ያህል ጊዜ የፈራሁት ሰው ጮቄን በልጅነቱ በሌላው ወገን ከብት እየነዳ ያደገ መሆኑን የሰማሁት ከብዙ ጊዜ በኋላ፣ ያውም ከሌላ ሰው ነው።

ሰኔ ሲገባ ስድስቱን ሥር ይዤ ወጣሁ። ደን ጠባቂው ሁለት ጎረቤቶቻቸውን ይዘው ጠበቁኝ። ሁለት ቀን ሙሉ በዝናብ ጉድጓድ ስንደፍን ዋልን፤ ሌላው ሰው በዚያው ሳምንት በሌላው ገመገም ጉድጓድ ይቆፍራል። ከዚያ በጎች እንዳይገቡ በድንጋይ ካብ ከለልነው። አራታችንም ጭቃ ነበርን። ደን ጠባቂው ስድስቱን በየድንጋዩ ሥር ራሳቸው ተከሏቸው፤ እኔን እንዳትነካ አሉኝ። ማታ እቤታቸው ወስደው ባለቤታቸው የቀቀሉትን ድንች በሚጥሚጣ አበሉኝ። ጋቢዬ ርሶ ስለነበር የራሳቸውን ባና ደርበውልኝ ነው የተኛሁት፤ የበግ ሽታው እስከዛሬ አይረሳኝም።

ጥቅምት ደረሰ። ልብሴን ደራርቤ ወጣሁ። ጉሙ ተገፈፈ፣ ፀሐይ ወጣች፤ አንዲትም አበባ የለችም። ቅጠሎቹ ግን አሉ። መምጣቴ በከንቱ ሆነ ብዬ ስቆዝም ደን ጠባቂው፣ «አኩርፋ ነው። እኔም ብሆን አኮርፋለሁ» አሉ። ሲወርዱ ልጄ ብለው ጠሩኝ። ከሚያዝያ ጀምሮ እንደዚያ ብለው አያውቁም ነበር።

በሚቀጥለው ጥቅምት አራት አበባ አገኘን። እሳቸው ሳምንት ቀደም ብለው አይተዋት ኖሮ ምንም ሳይነግሩኝ ነው ያወጡኝ። ካቡ ጋ ስንደርስ ቆም አሉና እኔን አስቀደሙኝ። ፀሐይ ነበር፤ አራቱም ተፈትተዋል። ወደ ኋላ ዞሬ ሳያቸው ባርኔጣቸውን አውልቀው ይዘዋል። ስለ ገብሱ አወራን፤ በረዶ እንዳልመታው፣ ዘንድሮ ጥሩ እንደሚገባ።

ከዚያ በኋላ የነበሩት ዓመታት በሕይወቴ ጸጥ ያሉት ናቸው። ኅዳር ላይ ዘሯን እንለቅማለን። ዘሯ እንደ ሱረት የላመ ነው፤ በእጅ ከተያዘ ትንፋሽ ይወስደዋል። ግማሹን እዚያው በየስንጥቁ እንበትናለን፤ ከቀሪው ጥቂቱን በፖስታ አሽጌ ለመምህሩ እልክላቸዋለሁ። ደን ጠባቂው ይህን መጀመሪያ አልወደዱትም። ልጆቿ አዲስ አበባ ሄደው ምን ሊሆኑ ነው ብለው ይከራከሩኝ ነበር። መምህሩ ግን ከዘሩ አንዳችም እንዳልበቀለላቸው ሲጽፉልን ኩራት ተሰማቸው፤ ደብዳቤውን ሁለት ጊዜ አስነበቡኝ። መምህሩ ራሳቸው አንድ ጊዜ ተመልሰው መጡ። በዚያ ጊዜ ጉልበታቸው ስለደከመ በበቅሎ ነው ያወጣናቸው። ካቡ ጋ ተቀምጠው እስኪመሽ ድረስ አልወርድም አሉ። ሁለቱ ሽማግሌዎች ጎን ለጎን ሆነው ስለ ልጆቻቸው ሲያወሩ እኔ በቅሎዋን ይዤ ቆሜ ሰማኋቸው፤ ሁለቱም የዘመቱ ልጆች ነበሯቸው፤ ከአንደኛው ደብዳቤ ይመጣል፣ ከሌላው አይመጣም።

በኋላ ወደ ቢቸና ተዛወርኩ። አባቴ ስለደከሙ ራሴው ጠይቄ ነው፤ እዚያው ሚስትም አገባሁ። ቢቸና እህልና ከብት ነው፤ ሰው ስለ ዋጋ እንጂ ስለ ቅጠል አያወራም። ቢሮዬ ገበያው አጠገብ ስለነበር ቅዳሜ ቅዳሜ የበሬው ጩኸት የምጽፈውን ያስረሳኛል። ቢሆንም ጥቅምት ሲገባ ፈቃድ እጠይቅና በአውቶቡስ ሞጣ እወጣለሁ። እንደገባሁ መጀመሪያ የምሄደው ችግኝ ጣቢያ ነው፤ ሴቶቹ ሙሽራህን ልታይ መጣህ ይሉኛል። ከዚያ ሽቅብ። አባቴ ከመሞታቸው በፊት በነበረው ዓመት ስመለስ ዓይናቸው ጨርሶ ጠፍቶ ነበር። ስንት እንዳበበች ጠየቁኝ። አሥራ ሰባት አልኳቸው። እንደ ውዳሴ ማርያም ቀስ ብለው ከአንድ እስከ አሥራ ሰባት ቆጠሩ።

የደርግ መጨረሻ ላይ መንገዱ ተዘጋ። ጦሩ ሽቅብ ቁልቁል ሲል አንድ ጥቅምት አለፈኝ። በመጨረሻ መንግሥት ተለውጦ መንገዱ ሲከፈት ብዙ የማውቀው ነገር አልነበረም። ችግኝ ጣቢያው ተዘርፎ፣ የቆርቆሮው ቤት ክዳኑ ተገፎ፣ መደቦቹ ላይ ጎመን ተተክሎባቸዋል። ከሴቶቹ አንዷን ገበያ ላይ አገኘኋት፤ ደን ጠባቂው ካለ ደመወዝ ከቀሩ እንደቆዩ ነገረችኝ፤ መሥሪያ ቤቱ ራሱ ስለሌለ ማን ያባርራቸዋል፣ ማንስ ይከፍላቸዋል። ፈራሁ። ጫካው በዚያ ዓመት በየቦታው ተቆርጦ ነበር፤ በመንገዴ ሁሉ ያየሁት የአስታ ጉቶ ነው።

እቤታቸው ስደርስ ባለቤታቸው ብቻቸውን ነበሩ። ባልየው የት እንዳሉ ስጠይቅ በአገጫቸው ወደ ላይ አመለከቱኝ። «የመንግሥት ሥራ ቀረ ቢባል እሱ የት ይቀራል?» አሉ። ገብሱን ሳያጭድ፣ በጉን ሳይሸልት እንደሚወጣ እያማረሩ ገና የታለበ ወተት ሰጡኝ።

ካቡ ግማሹ የለም፤ ድንጋዩን ሰው ለቤት ወስዶታል። ደን ጠባቂው ከቀሪው ላይ ተቀምጠው አገኘኋቸው፤ ጥርሳቸው አልቋል፣ ትከሻቸው ጠቧል። ሳሙኝና ከጎናቸው አስቀመጡኝ። በጎች ገብተው ከታች ያለችውን አንደኛዋን ቦታ ፈጅተዋታል፤ እዚያ ምንም አልነበረም። ነገር ግን ከካቡ በላይ፣ በግ በማይደርስበት የድንጋይ ስንጥቅ ውስጥ፣ እኛ ያልተከልናቸው አምስት አበቦች አሳዩኝ። ዘሩን ንፋስ ነው የወሰደው። በጠቅላላው ሃያ ሦስት ነበሩ። ከመጀመሪያው ቁጥር ግማሽ እንኳ አይሞላም፤ ዘጠኝ ብቻ በስልቻ ለቀረች አበባ ግን ትንሽ አይደለም።

ስወርድ እስከ ወንዙ ሸኙኝ። እምቢ ብላቸውም አልሰሙም። ውሃውን ተሻግሬ ሽቅብ ስል፣ ሚስትህንም አንድ ቀን አምጣት፤ ወፍራም ልብስ ግን ትያዝ አሉኝ። አመጣታለሁ አልኳቸው። በሚቀጥለው ጥቅምት ከደን ጠባቂው ጋር ሦስታችን ሆነን ወጣን፤ ባለቤቴ መንገዱን በሙሉ ስታማርር ወጥታ፣ ጉሙ ሲገፈፍ ተንበርክካ አበቦቹን አንድ በአንድ መቁጠር ጀመረች።